ቆዳ ይዞ የመጣው መልእክተኛ

አሰላሙ ዐለይኩም። እንደምን አመሻችሁ።

"ከመጀመሪያዎቹ የሙስሊም የጦር አዛዦች አንዱን መርጠህ አውራልን" ሲሉኝ፣ አዘጋጆቹ ኻሊድ ኢብኑል ወሊድን ነበር የጠበቁት። አልፈርድባቸውም። ኻሊድ ሲነሳ ሕፃን ልጅ ሳይቀር ጆሮውን ያቆማል። ሰይፍ አለ፣ ፈረስ አለ፣ ተሸንፎ የማያውቅ ጀግና አለ። እኔ ግን ሽንፈት የቀመሰ ሰው ነው ያመጣሁላችሁ። ዐምር ኢብኑል ዓስ ይባላል። ፍልስጤም ላይ የዘመተ፣ ግብፅን ከሮማውያን እጅ ያወጣ፣ ዛሬ ካይሮ የምንላት ከተማ የተነሳችበትን ሰፈር የቆረቆረ አዛዥ ነው። ታሪክ የመዘገበበት የመጀመሪያው ትልቅ ሽንፈት ግን የደረሰበት እዚሁ በሀበሻ ምድር ነው። ያውም ሰይፍ ሳይመዘዝ፣ ንጉሥ ፊት ቆሞ፣ በንግግር።

ሁለት ነገር ላስቀድም። ዓመቶቹን የምጠራው በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው። ዐምርን ደግሞ "እሱ" እያልኩ ነው የማወራው። ሶሓባ፣ የነቢዩ ባልደረባ ነው፣ ክብሩን አልዘነጋሁም። ለዛሬ ምሽት እንደ ጎረቤት ሰው ቀረብ አድርገን እንድናየው ብዬ ነው።

ዐምር የመካ ሰው ነው። ጎሳው ቁረይሽ፣ ቤቱ በኑ ሰህም። አባቱ አል-ዓስ ኢብኑ ዋኢል ባለጸጋ ነጋዴ ነበር፤ የነቢዩ ሙሐመድም (ሰ.ዐ.ወ) ጠላት። ሱረቱል ከውሠርን የምትቀሩ ሰዎች መጨረሻው ላይ "ዘሩ የተቆረጠው ጠላትህ ነው" የሚለውን ታውቁታላችሁ። ብዙ ሙፈሲሮች፣ የቁርኣን ተንታኞች፣ ይህ የወረደው ስለዚህ አባት ነው ይላሉ። እናቱ ናቢጋ ደግሞ ምርኮኛ ነበረች። ተማርካ፣ ገበያ ላይ ተሸጣ፣ ከእጅ ወደ እጅ ተላልፋ ነው አል-ዓስ ቤት የደረሰችው። በዘር ቆጠራ በሚኮራ ሕዝብ መካከል ይሄ ቀላል ሸክም አይደለም።

ከብዙ ዓመት በኋላ ዐምር ገዢ ሆኖ ሚንበር፣ የመስጊድ መድረክ፣ ላይ ቆሞ ሳለ፣ አንድ ሰው ተነስቶ ስለ እናቱ ጠየቀው ይባላል። ሰውየው ለዚህ ሥራ ገንዘብ ተከፍሎት ነው የመጣው። ዐምር አልተቆጣም። እናቱን ማን እንደማረካት፣ የት እንደተሸጠች፣ ማን እንደገዛት አንድ በአንድ ተናገረ። ከዚያ "በል አሁን ሂድና የተዋዋልክበትን ተቀበል" አለው። ይቺን ታሪክ እወዳታለሁ። ሰውየውን ከጦርነቶቹ ሁሉ በላይ ታሳየኛለች።

ዐምር በወጣትነቱ ነጋዴ ነበር። ቆዳና ሽቶ ይነግዳል። ሶሪያ ይወርዳል፣ የመን ይሄዳል፣ ቀይ ባሕርን ተሻግሮ ሀበሻ ይመጣል። ግብፅንም ያኔ ነው ያያት ይባላል። የአክሱምን ቤተ መንግሥት በር የሚያውቅ፣ ንጉሡን ነጃሺን በአካል የሚያውቅ የመካ ሰው ነው። ስለዚህ በ615 ገደማ የነቢዩ ተከታዮች ከመካ ስደት ሸሽተው ወደ ሀበሻ ሲሻገሩ፣ ቁረይሾች ማንን እንላክ ብለው ብዙ አልተጨነቁም። ዐምርን ላኩ። አብሮት ዐብዱላህ ኢብኑ አቢ ረቢዓ የሚባል ሰው ሄደ።

ይሄን ታሪክ የምናውቀው በዋናነት ከኡሙ ሰለማ ነው። ያኔ ከስደተኞቹ አንዷ ነበሩ፤ በኋላ የነቢዩ ባለቤት ሆኑ። የሚገርም ተራኪ ናቸው። እጅ መንሻው ምን እንደነበር ሳይቀር ያስታውሳሉ። ቆዳ! ከመካ ከሚመጣ ዕቃ ንጉሡ አብልጠው የሚወዱት ቆዳ ነበር ይላሉ። ዐምር ይሄን ያውቃል። ነጋዴ ነዋ!

ዐምር አካሄዱን አስቀድሞ አስቦበታል። ንጉሡ ጋ አልሄደም መጀመሪያ። መኳንንቱን አንድ በአንድ እየዞረ ለእያንዳንዱ ቆዳ ሰጠ። እኛ መማለጃ እንለዋለን። "ከእኛ ዘንድ የኮበለሉ ቂሎች ልጆች ሀገራችሁ ገብተዋል። የአባቶቻቸውን ሃይማኖት ትተዋል፣ የእናንተንም አልያዙም። ነገ ንጉሡን ስናነጋግር፣ ሳያናግሯቸው አሳልፈው ይስጡን ብላችሁ ደግፉን" አላቸው። "ሳያናግሯቸው" የሚለውን ልብ በሉ። ዐምር የፈራው ስደተኞቹ አፋቸውን እንዳይከፍቱ ነው። የንግግርን ኃይል እሱ ራሱ ስለሚያውቅ።

በማግስቱ መኳንንቱ እንደተባሉት ተናገሩ። ንጉሡ ተቆጡ። "ሀገሬን መርጠው፣ እኔን ተማምነው የመጡትን ሰዎች ሳልሰማቸው አልሰጥም" አሉ። ስደተኞቹ ተጠሩ። ጀዕፈር ኢብኑ አቢ ጣሊብ ተነስቶ ተናገረ። ጣዖት እናመልክ ነበር፣ ጥንብ እንበላ ነበር፣ ብርቱው ደካማውን ይበላው ነበር፣ ከዚያ ነቢይ መጣልን አለ። ንጉሡ ከወረደለት እንዲያነብላቸው ጠየቁት። ጀዕፈር ሱረቱ መርየምን ጀመረ። የመርየምን ታሪክ፣ የልጇን ታሪክ። ንጉሡ ጺማቸው እስኪርስ አለቀሱ። ጳጳሳቱም የያዙት መጽሐፍ በእንባ ራሰ ይላሉ ኡሙ ሰለማ።

ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ዕቃውን ሸክፎ ወደ ወደብ ይወርዳል። ዐምር አልወረደም። "ነገ ሥራቸውን የሚነቅል ነገር ይዤ እመጣለሁ" አለ። ዐብዱላህ ሊከለክለው ሞከረ፤ "ተው፣ ዘመዶቻችን እኮ ናቸው" አለው። አልሰማም። በማግስቱ ንጉሡ ፊት ቀርቦ "ስለ መርየም ልጅ ስለ ዒሳ ከባድ ነገር ይናገራሉ፣ ጠይቋቸው" አለ። ክርስቲያን ንጉሥ ፊት ይህንን መወርወር ማለት ስል ቢላ መወርወር ነው።

ጀዕፈር እንደገና ተጠራ። አልሸሸም። "የአላህ ባሪያ፣ መልእክተኛው፣ መንፈሱ፣ ወደ ድንግሊቱ መርየም የጣለው ቃሉ ነው እንላለን" አለ። ንጉሡ ከመሬት አንዲት እንጨት አንስተው "የመርየም ልጅ ከተናገርከው ይቺን እንጨት ታህል እንኳ አይበልጥም" አሉ። መኳንንቱ አጉረመረሙ። ንጉሡ "ብታጉረመርሙም" አሉ። ከዚያ ለስደተኞቹ በሀገራቸው በሰላም እንዲኖሩ ቃል ሰጡና አንድ ነገር ጨመሩ። "አንዳችሁን ጎድቼ የወርቅ ደብር ባገኝ አልወድም" አሉ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም። የአረብኛው ትረካ ቃሉን እንዳለ ነው ያስቀመጠው፤ "ደብር" ብሎ። የጥንት የሲራ ሰዎች፣ የነቢዩን ታሪክ የጻፉት፣ ለአንባቢ ማስረዳት ስለነበረባቸው "ደብር በሀበሾች ቋንቋ ተራራ ማለት ነው" ብለው ጻፉ። እኛ ማስረጃ አያስፈልገንም። ደብረ ሲና፣ ደብረ ብርሃን፣ ደብረ ታቦር እያልን ነው ያደግነው። ያቺ የግዕዝ ቃል በአረብኛ ጽሑፍ ውስጥ ተቀምጣ ከሺህ ዓመት በላይ ጠበቀችን።

ቆዳው ተመለሰ። መልእክተኞቹ አፍረው ወጡ። ኡሙ ሰለማ "በመጡበት ተመልሰው ሄዱ" ሲሉ ደስታቸው በትረካው ውስጥ ይሰማል።

አንድ ያልነገርኳችሁ ነገር አለ። ወደ ሀበሻ ከተሰደዱት ሰዎች ስም ዝርዝር ውስጥ ሂሻም ኢብኑል ዓስ የሚባል አለ። የዐምር የአባቱ ልጅ፣ ታናሽ ወንድሙ ነው። ዐምር ባሕር ተሻግሮ ሊያስመልስ የመጣው የሌላ ሰው ልጆችን ብቻ እንዳልነበረ ሳስብ፣ ያ የዐብዱላህ "ዘመዶቻችን እኮ ናቸው" የሚለው ቃል ሌላ ክብደት ያገኛል። ሂሻምን በኋላ እንመለስበታለን።

ዓመታት አለፉ። የበድር ጦርነት ሆነ፣ የኡሑድ ጦርነት ሆነ። በ627 የመዲና ከበባ፣ የኸንደቅ ዘመቻ፣ ለቁረይሾች ከሸፈ። ዐምር ነገሩ ወዴት እንደሚሄድ ቀድሞ ገባው። ወዳጆቹን ሰብስቦ "የሙሐመድ ነገር ከፍ ከፍ እያለ ነው። ነጃሺ ዘንድ እንሂድ። ሙሐመድ ካሸነፈ በሙሐመድ እጅ ከምንሆን በነጃሺ እጅ ብንሆን ይሻለናል። ወገኖቻችን ካሸነፉም እኛ የታወቅን ሰዎች ነን" አላቸው። በሁለቱም በኩል አይከስርም። አሁንም የነጋዴ ሂሳብ ነው። ምን ይዞ እንደሄደ ገምቱ። ቆዳ!

ቤተ መንግሥቱ ጋ ሲደርስ የነቢዩ መልእክተኛ ዐምር ኢብኑ ኡመያ ከንጉሡ ዘንድ ወጥቶ ሲሄድ አየ። ዓይኑ በራ። ገብቶ ቆዳውን አቀረበ፤ ንጉሡ ደስ አላቸው። "ያ የወጣው ሰው የጠላታችን መልእክተኛ ነው። ስጡኝና ልግደለው" አለ። ንጉሡ በቁጣ እጃቸውን ሰንዝረው አፍንጫ መቱ። የማን አፍንጫ? ባንዱ ዘገባ የራሳቸውን መቱ የሚመስል ነገር አለ፤ በሌላው የዐምር አፍንጫ ደማ። እኔ ወደ ሁለተኛው አደላለሁ። የሀገሬ ንጉሥ ናቸው፣ ይፈቀድልኝ። ዐምር ራሱ "መሬት ተሰንጥቃ በዋጠችኝ ብዬ ተመኘሁ" ብሏል።

ንጉሡ "ለሙሳ ይመጣ የነበረው ታላቁ ናሙስ፣ መልአኩ ጂብሪል፣ የሚመጣለትን ሰው መልእክተኛ ልትገድለው ነው ስጠኝ የምትለኝ?" አሉት። ዐምር "ንጉሥ ሆይ፣ ነገሩ እንዲህ ነው እንዴ?" አለ። ነው አሉት። እጁን ዘረጋ፤ በነጃሺ እጅ ላይ ለእስልምና ቃል ገባ። ከወዳጆቹ ተደብቆ ወጣ።

የመድረሳ ልጆች የሚጠያየቁት እንቆቅልሽ አለ። "በታቢዒ እጅ የሰለመ ሶሓባ ማን ነው?" ይላሉ። ሶሓባ ነቢዩን በአካል ያየ ነው፤ ታቢዒ ሶሓባን ያየ። ነጃሺ ነቢዩን አላዩም። መልሱ ዐምር ኢብኑል ዓስ ነው።

ወደ መዲና ሲሄድ መንገድ ላይ ኻሊድ ኢብኑል ወሊድን አገኘው። "ወዴት ነው አቡ ሱለይማን?" አለው። ኻሊድም "መንገዱ ጠራ፣ ሰውየው ነቢይ ነው፣ እስከ መቼ?" አለ። አብረው ገቡ። 629 ነበር። ኻሊድ ቃል ገባ። ዐምር ተራው ሲደርስ እጁን ዘረጋ፤ ነቢዩ እጃቸውን ሲዘረጉለት የሱን ሰበሰበ። "ምነው ዐምር?" አሉት። "ቅድመ ሁኔታ አለኝ" አለ። አሁንም ይዋዋላል! "ምንድን ነው?" ሲሉት "ያለፈው ኃጢአቴ ሊማርልኝ" አለ። "እስልምና ከበፊቱ የነበረውን እንደሚያፈርስ አታውቅም?" አሉት።

ከሰለመ ግማሽ ዓመት እንኳ ሳይሞላው ጦር አዘዘ። ዛቱ ሰላሲል ይባላል ዘመቻው፤ ከመዲና በስተሰሜን። 300 ሰው ይዞ ወጣ፣ ጠላት በዝቶ አገኘው፣ ረዳት ጠየቀ። 200 ሰው ተላከለት። በነዚያ 200 ውስጥ አቡበክርና ዑመር (ረ.ዐ) አሉ። አስቡት። ትናንት የሰለመ ሰው፣ ከብዙ ዓመት በፊት የሰለሙትን ሊያዝ ነው። የረዳቱ ጦር አሚር፣ አዛዡ፣ አቡ ዑበይዳ ነበር፤ ማን ይምራ በሚለው ክርክር ተነሳ። ዐምር "እናንተ ለእርዳታ ነው የመጣችሁ፣ አሚሩ እኔ ነኝ" አለ። አቡ ዑበይዳ ጨዋ ሰው ነው፤ ለቀቀለት።

ሌሊቱ ብርድ ነው። ሰዉ እሳት ሊያነድ ሲል ዐምር ከለከለ። ዑመር ተናደዱ። አቡበክር "ተወው፣ ነቢዩ የሾሙት የጦርን ነገር ስለሚያውቅ ነው" ብለው አረጋጓቸው። ጠላት ሲሸሽ ደግሞ አትከተሉ አለ። ከዘመቻ ሲመለሱ አቤቱታ ቀረበበት። መልሱ አጭር ነበር። እሳት ቢነድ ጥቂት መሆናችንን ያዩብናል፤ ብንከተላቸው አድፍጠው ይጠብቁናል። ሌላም ነገር ነበረበት። በዚያ ብርድ ጀናባ ሆኖ፣ ትጥበት ግድ ሆኖበት ማለት ነው፣ ሳይታጠብ በውኃ ፈንታ በአፈር በሚደረገው ተየሙም ሰዉን አሰግዷል። ስለዚያ ሲጠየቅ "ነፍሶቻችሁን አትግደሉ" የሚለውን አንቀጽ ጠቀሰ። ነቢዩ ሳቁ፤ ምንም አላሉትም።

ድሉ ልቡን ነፋው መሰለኝ። ነቢዩን "ከሰው ሁሉ አብልጠው የሚወዱት ማንን ነው?" ብሎ ጠየቀ። "ዓኢሻን" አሉት፤ ባለቤታቸውን፣ የአቡበክርን ልጅ። "ከወንዶችስ?" "አባቷን።" "ከዚያስ?" "ዑመርን።" እንዲህ እያሉ ሌሎችንም ቆጠሩ። ዐምር "መጨረሻ ላይ እንዳያደርጉኝ ፈርቼ ዝም አልኩ" ብሎ ራሱ ነው የተረከው። በራሱ የሚቀልድ አዛዥ ብርቅ ነው።

ነቢዩ ካረፉ በኋላ፣ በኸሊፋው በአቡበክር ዘመን፣ በ634፣ ወደ ሶሪያ ከተላኩት ጦሮች አንዱን ይዞ ወደ ፍልስጤም ወረደ። አጅናደይን ላይ ከባድ ውጊያ ሆነ። ሂሻም እንመለስበታለን ብያችኋለሁ። እዚያ ነው የወደቀው። ሲተረክ፣ ጠባብ መተላለፊያ ላይ ወድቆ ሬሳው መንገድ ዘጋ። ፈረሰኞቹ ሊረግጡት ፈሩ። ዐምር "አላህ ሸሂድ አድርጎ ነፍሱን ወስዷል፤ ይሄ በድን ነው፣ ርገጡት" አለና መጀመሪያ ራሱ ረግጦ አለፈ። ውጊያው ሲያልቅ ተመለሰ። ሥጋውንና አጥንቱን ለቃቅሞ በቆዳ ምንጣፍ ላይ አድርጎ ቀበረው። ከዚህ በላይ አልልም።

የሮማውያን የጦር አለቃ አርጠቡን የሚባል ነበር። መልእክተኛ ልኮ መልእክተኛ መቀበል ያላረካው ዐምር፣ የራሱ መልእክተኛ ሆኖ ሄደ ይላል ትረካው። አርጠቡን ሲያነጋግረው ጠረጠረ። ይሄ ወይ ዐምር ነው፣ ወይ የዐምር ቀኝ እጅ ነው ብሎ ሲወጣ እንዲገደል በምስጢር አዘዘ። ዐምር ነቃ። "እኔ ከአሥር አማካሪዎች አንዱ ነኝ። ሐሳብህ ደስ ብሎኛል፣ ዘጠኙንም ላምጣቸውና ይስሙህ" አለው። አርጠቡን ከአንድ አሥር ይሻላል ብሎ ለቀቀው። ታሪኩ በየዘመኑ ሳይኳል አልቀረም። ዐረቦች ግን ዐምርን "ዳሂያ" የሚሉት ለዚህ ነው። ብልጥም፣ ነገር አዋቂም፣ ትንሽ ተንኮልም ያለበት ቃል ነው።

ሮማውያን ከተሸነፉበት ከያርሙክ ድል ሦስት ዓመት በኋላ፣ በ639፣ ወረርሽኝ ገባ። የዐምዋስ ወረርሽኝ ይሉታል። አቡ ዑበይዳን ገደለ። ተተኪውን ሙዓዝ ኢብኑ ጀበልን ገደለ። ተራው ዐምር ላይ ደረሰ። ሰዉን ሰብስቦ "ይሄ በሽታ ሲነሳ እንደ እሳት ነው የሚቀጣጠለው። ወደ ተራሮች ተበተኑ" አለ። የተቃወመው ነበር። እሱ ግን ሰዉን በተነ፤ በሽታው ለቀቀ። ዑመርም ሲሰሙ አልነቀፉትም። እኛ በኮሮና ጊዜ "ርቀታችሁን ጠብቁ" ስንባል ስንት ወር ነበር የተከራከርነው?

አሁን ግብፅ። ብዙ ሰው የሚያውቀው ይሄን ነው፤ ስለዚህ ፈጠን ልበል። በ639 መጨረሻ 4,000 ገደማ ሰው ይዞ ተነሳ። ኸሊፋው ዑመር በግማሽ ልብ ነው የፈቀዱት። መንገድ ላይ ደብዳቤ ላኩበት። ግብፅ ሳትገባ ከደረሰህ ተመለስ፣ ከገባህ ቀጥል የሚል ነው። ዐምር ውስጡን ጠርጥሮ ደብዳቤውን ሳይቀበል እየገሰገሰ ሄደ። ዐል-ዐሪሽ አካባቢ ሲደርስ "ይሄ መንደር የማን ነው?" አለ። "የግብፅ" ሲሉት ከፍቶ አነበበው። "እንግዲህ ገብተናል" አለ። ዑመርን ለሚያውቅ ሰው ይሄ ቀልድ አይደለም።

ከዚያ ፈረማን ከበበ፣ ወደ ዓይን ሸምስ ገሰገሰ። ዙበይር ኢብኑል ዐዋም ያለበት ረዳት ጦር ደረሰለት። በሐምሌ 640 ሜዳ ላይ ሮማውያንን አሸነፈ። በሚያዝያ 641 በዛሬዋ ካይሮ ያለው ትልቁ የባቢሎን ምሽግ እጁን ሰጠ። በኅዳር ስለ እስክንድርያ ስምምነት ተፈረመ፤ 11 ወር የተኩስ አቁም እንደምንለው ያለ ጊዜ ተሰጠ። በመስከረም 642 ሮማውያን መርከብ ተሳፍረው ወጡ። ከጥንቱ ዓለም ታላላቅ ከተሞች አንዷ በስተመጨረሻ በፊርማ ተላለፈች ማለት ነው።

ከድርድሮቹ አንዱን ልንገራችሁ። ዐረቦቹ ሙቀውቂስ የሚሉት ገዢ ዘንድ አሥር ሰዎች ተላኩ፤ መሪያቸው ዑባዳ ኢብኑ ሳሚት ነው። ዑባዳ ጥቁር፣ ረጅም ሰው ነው። ሙቀውቂስ "ይሄን ጥቁር ከፊቴ አርቁት፣ ሌላ ሰው ያናግረኝ" አለ። ዘጠኙም በአንድ አፍ "በዕውቀትም በሐሳብም የሚበልጠን እሱ ነው፤ ከሱ ሌላ የሚናገር የለም" አሉት። ገዢው ወዶ ሳይሆን በግዱ ሰማው።

ለምን ያን ያህል ቶሎ ወደቀች ግብፅ? ጀግንነት ብቻ አይመስለኝም። የግብፅ ክርስቲያኖችና የሮማውያኑ ዋና ከተማ ቁስጥንጥንያ ከ451ዱ የኬልቄዶን ጉባኤ ጀምረው በሃይማኖት ተቆራርጠዋል። ያ ሙቀውቂስ የሚባለው ሰው ቂሮስ ነው ይላሉ የታሪክ ሰዎች፤ ገዢም የንጉሠ ነገሥቱ ፓትርያርክም። ኮፕቶቹን፣ የግብፅ ክርስቲያኖቹን፣ ለዓመታት አሳዷል። የራሳቸው ፓትርያርክ አባ ብንያሚን በረሃ ተደብቀው ነበር። ዐምር የደኅንነት ቃል ላከላቸው፤ ከተሰደዱ በ13ኛው ዓመት ወደ እስክንድርያ ተመለሱ። በዚያች መንበር ስር የኛም ቤተ ክርስቲያን ነበረች፤ እስከ 1959 ድረስ።

አሁን ደግሞ በጣም የሚገርመኝ ነገር። ስለዚህ ዘመቻ ለዘመኑ የቀረበው የክርስቲያን ምስክር ዮሐንስ መደብር የሚባለው የኒቅዩስ ኤጲስ ቆጶስ የጻፈው ታሪክ ነው። ግብፃዊ ነው፣ በዚያው በ7ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ። የጻፈበት ቋንቋ ቅጂ ጠፍቷል። ከዚያ የተተረጎመው አረብኛም ጠፍቷል። የተረፈው በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ሀገራችን ውስጥ የተተረጎመው ግዕዙ ብቻ ነው። የዓለም ምሁራን ስለ ዐምር ሊያነቡ ሲፈልጉ ግዕዝ መማር ነበረባቸው!

ዮሐንስ ዐምርን አያቆላምጥም። ኒቅዩስ ላይ የሆነውን ጭፍጨፋ ጽፏል። ግብሩ እንደከበደ ጽፏል። ያንን መደበቅ የለብንም፣ ጦርነት ነበር። ግን ያው እጅ፣ ዐምር ከአብያተ ክርስቲያናቱ ንብረት ምንም እንዳልወሰደና በዘመኑ ሁሉ እንደጠበቃቸው ጽፏል። ጠላት የመሰከረለት ነገር ሚዛን ይደፋል። እና ዐምር የእስክንድርያን ቤተ መጻሕፍት አቃጠለ የሚለውን ወሬ የሰማችሁ ካላችሁ፣ ዮሐንስ ስለዚያ አንድ ቃል የለውም። ወሬው የሚታየው ከ500 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው።

ዐምር እስክንድርያን ዋና ከተማ ሊያደርጋት ፈልጎ ነበር። ዑመር በእኔና በእናንተ መካከል ወንዝ እንዳይኖር አሉ። ባቢሎን አጠገብ ሰፈረ፤ ፉስጣጥ ትባላለች፣ ድንኳን ማለት ነው። ርግብ ድንኳኑ ላይ ስለፈለፈለች ነው አልነቀለውም የሚለውን ተረት ታውቁታላችሁ። እዚያ የሠራት መስጊድ ጣሪያዋ ዝቅ ያለ፣ ግቢ እንኳ የሌላት ትንሽ ቤት ነበረች። ዛሬ ካይሮ ስትሄዱ የምታዩት ሰፊ ሕንፃ በየዘመኑ የተጨመረ ነው። "በአፍሪካ የመጀመሪያው መስጊድ" የሚል ታነባላችሁ። ነጋሽን ለሚያውቅ ሰው ክርክሩ አያልቅም፤ ዛሬ አልገባበትም።

መዲና በረሃብ ስትመታ ዑመር እህል ጠየቁ። ዐምር ከአባይ ወደ ቀይ ባሕር የሚወስደውን የጥንት ቦይ፣ አሸዋ የሞላውን፣ እንደገና አስቆፈረ። እህል በመርከብ ወደ ዐረብ ወደብ ሄደ። ያ እህል የበቀለው በየክረምቱ ከኛ ተራሮች ታጥቦ በሚወርደው አፈር ላይ ነው። ይሄን እንኳ ሳልል አላልፍም።

ዑመር ግን ሁልጊዜ በዐይነ ቁራኛ ነበር የሚያዩት። ሀብቱ በዛ ብለው ሰው ልከው ግማሹን አስወሰዱበት። ዑሥማን (ረ.ዐ) ሲተኩ ደግሞ ከግብፅ አነሱት። ሮማውያን በ645 በባሕር መጥተው እስክንድርያን ያዙ። ግብፆቹ ዐምር ይምጣ አሉ። መጣ፣ መልሶ ያዛት። ዑሥማን "አንተ ጦሩን ያዝ፣ ግብሩን ዐብዱላህ ኢብኑ ሰዕድ ይያዝ" አሉት። መልሱን ስሙ። "እኔ የላሚቱን ቀንድ ይዤ ሌላው ሊያልባት ነው?" አለ። ከገጠር የመጣችሁ ይሄ አይተረጎምላችሁም። ትቶ ሄደ። በኋላ ገቢው ከሱ ዘመን በልጦ ሲመጣ ዑሥማን "አየህ፣ ከአንተ በኋላ ግመሊቱ ወተቷ በዛ" አሉት። "አዎ፣ ግልገሎቿ ግን ተራቡ" አላቸው።

ሙስሊሞች በኸሊፋው በዐሊይና በሶሪያው ገዢ በሙዓዊያ ጎራ ተከፍለው ስለተዋጉበት ስለ ሲፊን ብዙ አልናገርም። በ657 ከሙዓዊያ ጎን ቆመ። ቁርኣን በጦር ጫፍ ላይ የማንሳቱ ሐሳብ የሱ ነው ይባላል፤ በሽምግልናውም የሙዓዊያ ወኪል እሱ ነበር። ዑለሞቻችን እዚህ ጋ ሲደርሱ ምላሳቸውን ይሰበስባሉ። እኔም እሰበስባለሁ። ግን ንግግሩ ወንድማማቾችን ሲያስታርቅ አላየሁም። በ658 ግብፅን መልሶ አገኘ። በ661 ሦስት ኸዋሪጆች፣ ከሁለቱም ወገን ያፈነገጡ ሰዎች፣ በአንድ ጠዋት ዐሊይን፣ ሙዓዊያንና ዐምርን ሊገድሉ ተማማሉ። ዐሊይ (ረ.ዐ) ተገደሉ። ሙዓዊያ ቆሰለ። ዐምር ያን ቀን አሞት ስለነበር ኻሪጃ የሚባል ሹም ተክቶት ሊያሰግድ ወጣ፤ እሱ ተገደለ። ገዳዩ ሲያዝ "እኔ ዐምርን ፈለግኩ፣ አላህ ኻሪጃን ፈለገ" አለ። እስከ ዛሬ በአረብኛ ይተረታል።

ዐምር የሞተው በ664 ነው፣ በዒደል ፊጥር ዕለት። ሲያጣጥር ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ አለቀሰ። ልጁ ዐብዱላህ "አባቴ፣ ነቢዩ እንዲህና እንዲህ ብለው አላበሠሩህም?" ይለዋል። ዐምር ዞረና ሕይወቱን በሦስት ከፈላት። "መጀመሪያ ነቢዩን ከኔ የበለጠ የሚጠላ አልነበረም፤ ያኔ ብሞት የእሳት ነበርኩ። ከዚያ ከሳቸው የበለጠ የምወደው አልነበረም። ከማክበሬ የተነሳ ዓይኔን ሞልቼ አላየኋቸውም፤ መልካቸውን ግለጽ ብትሉኝ አልችልም። ያኔ ብሞት የጀነት እሆን ነበር ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ። ከዚያ ደግሞ ሹመትና ነገሮች መጡ፤ በነሱ ውስጥ ያለኝን ሁኔታ አላውቀውም።"

ከዚያ ኑዛዜውን ተናገረ። "ስትቀብሩኝ አፈሩን ቀስ እያላችሁ አልብሱኝ። ግመል ታርዶ ሥጋው ተከፋፍሎ እስኪያልቅ ያህል መቃብሬ ዙሪያ ቁሙልኝ። በናንተ እጽናናለሁ፤ የጌታዬንም መልእክተኞች ምን ብዬ እንደምመልስላቸው አስባለሁ" አላቸው።